ኪኑኤን ማን ገነዛት

እኔ የምበላው በምላሴ ነው። በሳካታ ወደብ አንድ ሲኒማ ቤት አለን። የፊልሙ ሰዎች ከንፈራቸውን ያንቀሳቅሳሉ እንጂ ድምፅ የላቸውም፤ ድምፃቸው እኔ ነኝ። ከሸራው በስተግራ ትንሽ ጠረጴዛ፣ አንዲት መብራትና አንድ ማንቆርቆሪያ ውሃ ይዤ እቆማለሁ፤ ከዚያ በኋላ ሳሙራዩም እኔ፣ ገረዲቱም እኔ፣ የሚያለቅሰው ሕፃንም እኔ፣ የሚጮኸው ውሻም እኔ ነኝ። ስሜ ሚኔዎ ነው፤ ገበያ ስወጣ ግን «ተራኪው! እስቲ እንደ ሴት አልቅስልን!» ይሉኛል። ደስ ካለኝ አለቅስላቸዋለሁ፤ ካላለኝ እሰድባቸዋለሁ። ሻሚሰን የሚባለውን ባለ ሦስት አውታር ክራሯን እየመታች የምታጅበኝ አሮጊቷ ኦካትሱ «ያንተ ምላስ ጤፍ ይቆላል» ትለኛለች። ልክ ናት፣ ምን እዋሻለሁ።

ቤት ስገባ ግን ያ ሁሉ ምላስ የት እንደሚደበቅ እንጃ። ቤቱ የአማቴ የሴኪ ነው። ወንድ ልጅ ስላልነበራቸው፣ ልጃቸውን ኪኑኤን ያገባሁ ጊዜ እኔ ነኝ እነሱ ቤት የገባሁት፤ የቤታቸውንም ስም የያዝኩት። አማቴ ዓሣ በጨው እያደረቁ የሚሸጡ፣ ቃል የሚቆጥቡ ሴት ናቸው። ኪኑኤ በመካከላችን ተቀምጣ ስትስቅ ሁለታችንም እንስቅ ነበር። እሷ ከሄደች በኋላ በዚያ ቤት ሁለት ቃል ብቻ ቀረ። አማቴ «እራት ቀርቧል» ይላሉ፤ እኔ «ጠግቤያለሁ» እላለሁ። ሳልበላ ጠግቤያለሁ! ከዚያ እሳቸው ወደ ጓዳ፣ እኔ ወደ ግድግዳው።

ሚስቴ የሲኒማ ተዋናይት ነበረች። ቶኪዮ በመሬት መንቀጥቀጡ ከፈራረሰች በኋላ ፊልም ሠሪዎቹ ተጠራርገው ኪዮቶ ገቡና ፊት ፍለጋ ላይ ነበሩ። የኪኑኤ ፊት ደግሞ ካልሳቀ በቀር አንጀት የሚበላ ፊት ነው። መንፈስ አደረጓት። በእኛ አገር የመንፈስ ፊልም የሚታየው በነሐሴው ሙቀት ነው፤ ሰው በፍርሃት ብርድ ብርድ እንዲለው ነዋ። እሷም መኸሩን ስትሞት ትቀረጽና በጥር ለሚገባው አዲስ ዓመታችን በሕይወት ወደ ቤቷ ትመጣለች። «ዘንድሮ ስንቴ ሞትሽ?» እላታለሁ። «ሦስቴ፤ አንዱ በመርዝ ነው፣ እሱ ይሻላል፣ ልብስ አያረጥብም» ትለኛለች።

በየካቲት ግን እውነተኛው መጣ። የሳንባ ምች ነው አሉ። ቴሌግራሙ ሲደርሰኝ ባቡር ተሳፈርኩ፤ በረዶው ሐዲዱን ዘግቶ መንገድ ላይ አስቀረኝ። ስደርስ፣ በሽታው ይተላለፋል ብለው ፈርተው፣ አስከሬኗን አቃጥለው ጨርሰዋል። አጥንቷ ያለበትን፣ በነጭ ጨርቅ የተጠቀለለ ሳጥን ሰጡኝ። ያንን ሳጥን ጉልበቴ ላይ አድርጌ ስመለስ፣ ፊት ለፊቴ የተቀመጠ ሰውዬ «ጣፋጭ ነው የያዝከው?» ብሎ ጠየቀኝ። ጨርቁን ዘግይቶ ሲያስተውል እንደ ጨው ሟሟ። እኔ ግን አልተቆጣሁም፤ የምቆጣበት ነገር አልቀረኝም ነበር።

አማቴ በር ላይ ተቀበሉኝ። ሳጥኑን በሁለት እጃቸው አንስተው ክብደቱን አዩ።

«ይኼ ነው?» አሉ።

«አዎን፣ እናቴ።»

«ፊቷን አየኸው?»

«አልደረስኩም።»

«ማን ገነዛት?»

«አላውቅም» አልኩ።

እሳቸው አላለቀሱም። ሳጥኑን ለሙታን በምንጸልይበት የቤቱ መሠዊያ ላይ አኖሩና ዓሣቸውን ሊገለብጡ ወጡ። «ማን ገነዛት» የምትለዋ ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ በመካከላችን ተዘርግታ ቀረች። እኛ ዘንድ ሬሳ የሚያጥበውና የሚያለብሰው የቤት ሰው ነው። በሕይወት ያለ ሰው ኪሞኖ ሲለብስ የቀኙን ጎን ያስቀድምና የግራውን ከላይ ይደርባል፤ ሬሳ ሲገነዝ ተገላቢጦሽ ነው፣ ቀኙ ከላይ ይሆናል። ልጅ ሆኖ በስህተት ቀኙን ከላይ ደርቦ ከእናቱ ጥፊ ያልቀመሰ ጃፓናዊ የለም። «ራስህን ልትቀብር ነው?» ይባላል። እና ኪኑኤን ማን አጠባት? ማን ቀኙን ከላይ ደረበላት? ምናልባት ስሟን እንኳ የማያውቅ ሰው። ምናልባትም ማንም።

ነሐሴ ገባ። ሙታን ወደ ቤታቸው የሚመለሱበት በዓላችን ደረሰ ማለት ነው። በዓመቱ ውስጥ ሰው የሞተበት ቤት በሩ ላይ ነጭ ፋኖስ ይሰቅላል፤ አዲሱ ሟች መንገዱን ገና አልለመደማ! የቆዩት ሙታን በየዓመቱ ተመላልሰውበታል፣ እሱ ግን የመጀመሪያው ነው። በዓሉ በሚገባበት ምሽት ደግሞ የቤቱ ታላቅ ደጃፍ ላይ ትንሽ እሳት ያነዳል። ሟቹ በዚያ እሳት ቤቱን ይለያል። አማቴ በወሩ መጀመሪያ ፋኖሱን ሰቀሉ፤ እኔም በስሩ እየገባሁ በስሩ እወጣ ነበር።

በዚያው ሰሞን የኪኑኤ የመጨረሻ ፊልም ሳካታ ደረሰ። የሲኒማ ቤቱ ባለቤት ጠራኝና «እንግዲህ ይኼ ነገር ላንተ ይከብድሃል። ለአንድ ሳምንት ሌላ ተራኪ ላስመጣ?» አለኝ።

«ምን?» አልኩት። «ሚስቴን ሌላ ወንድ ሊያናግርልኝ? ምን ቆርጦት! በቁሜ?»

ታሪኩ የታወቀ ዓይነት ነው። አንዱ ሳሙራይ ሀብታም ሴት ሊያገባ ብሎ ሚስቱን ረግረግ ውስጥ ያሰጥማታል፤ እሷም ነጭ ለብሳ ከውሃው ትነሣለች። እኔም በሴት ድምፅ «ተበድያለሁ... አልተኛም... አንተም አትተኛም...» እላለሁ። ሰው ይንቀጠቀጣል። ሴቶቹ እጅጌያቸውን ይነክሳሉ። እውነቱን ልናገር፣ እኔ ደስ ይለኝ ነበር። በቀን ሁለት ጊዜ ሚስቴ ከውሃ ትወጣለች፣ እኔ አፌን ስከፍት እሷ ትናገራለች። ሸራው ሲጠፋ ግን አዳራሹ ይበራል፣ ሰው ጫማውን ይፈልጋል፣ እኔ ማንቆርቆሪያዬን ይዤ ብቻዬን እቀራለሁ። ብቸኝነት ምን እንደሆነ የማያውቅ ሰው ካለ ያን ሰዓት መጥቶ ይየኝ።

አማቴ ሲኒማ ቤት ረግጠው አያውቁም። «ልጄ ስትሞት ለማየት ቲኬት አልቆርጥም» ይሉ ነበር፣ ያኔ ገና በሕይወት ሳለች። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ግን፣ ሁለተኛው የፊልም ጥቅል ሊጀመር ሲል፣ በሴቶቹ በኩል ከምሰሶው አጠገብ ምንጣፉ ላይ ተቀምጠው አየኋቸው። ውሃ ጠጣሁ።

የመጨረሻው ጥቅል ሲገባ አንድ ነገር ከነከነኝ። ሳሙራዩ ሰይፉን የታጠቀው በቀኝ ጎኑ ነው። ማን በቀኙ ሰይፍ ይታጠቃል? ከኋላ አንዱ ዓሣ ነጋዴ «አያችሁ፣ ግራኝ ነው! ለዚህ ነው ሚስቱ ያልወደደችው!» ብሎ አሳቀ። ያኔ ገባኝ። ማሽኑን የሚያዞረው ጎንሮኩ ፊልሙን ገልብጦ አስገብቶታል፤ ቀኙ ግራ፣ ግራው ቀኝ ሆኗል። ጽሑፍ ቢኖረው ሰው ሁሉ ባወቀው ነበር፤ ግን ጽሑፍ የለውም፣ ጽሑፉ እኔ ነኝ። ምን ላድርግ? ትረካዬን ቀጠልኩ።

ኪኑኤ ከረግረጉ ወጣች። ነጭ ልብሷ ተገልብጦ፣ የግራው ከላይ፣ የቀኙ ከታች። እንደ ሕያው ሰው። ገዳይ ባሏ ደግሞ በተቃራኒው እንደ ሬሳ። አማቴ ብድግ አሉ። ቆመው አዩ፣ አዩ፣ ከዚያ በሰው መካከል አልፈው ወጡ።

ቤት ስደርስ ነጩ ፋኖስ የለም። ከጓዳ የሩዝ ሽታ መጣ፣ ተራ ሩዝ አይደለም፤ ቀይ ባቄላ ገብቶበታል። ይኼ የሠርግና የልደት ምግብ ነው። በሐዘን ቤት፣ በበዓሉ ዋዜማ! ጉድ ነው እንጂ ሌላ ምን ይባላል?

«እናቴ፣ ፋኖሱስ?» አልኳቸው።

«አወረድኩት።»

«ለምን?»

«ሰው ሳይሞት ነጭ ፋኖስ አይሰቀልም። ቁጭ በልና ብላ።»

ዓይናቸው ያበራ ነበር። ያንን ብርሃን ከየካቲት ወዲህ አላየሁትም ነበር፤ አስፈራኝ።

«በዓይኔ አየኋት» አሉ። «ግራው ከላይ ነው። ልጅ ሳለች ግራውን አስቀድማ ቀኙን ስትደርብ ስንት ቀን ነው እጇን የመታሁት! ሌሎቹ እንደ መንፈስ ልበሺ ሲሏት እሷ እንደ ሕያው ለበሰች። ለእኔ ነው ያንን ያደረገችው። እማ፣ አለሁ፣ ማለቷ ነው።»

«ኧረ እናቴ! ጎንሮኩ ነው እኮ! ያ ቀልበ ቢስ ፊልሙን ገልብጦት ነው። ሰይፉንስ አላዩትም? በቀኝ ጎኑ እኮ ነው የታጠቀው!»

«እኔ የሄድኩት ሰይፍ ላይ አይደለም።»

«እውነቴን ነው የምልዎት!»

«እውነትህን?» ሳቁብኝ። «አንተ ድመት ታናግራለህ፤ ዝናብ ታናግራለህ። ባለፈው ወር እንደ ሽማግሌ ስታለቅስ የሰፈሩ ሴት ሁሉ ዓይኗ አብጦ ነው የገባች አሉኝ። ካንተ አፍ የሚወጣውን የቱ እውነት፣ የቱ ሥራ እንደሆነ እንዴት ልወቅ?»

ምላሴ ሰውን ሁሉ ስታስለቅስ ኖራ ለራሴ ስፈልጋት ከዳችኝ።

«ፊቷን አላየህም» አሉ ቀስ ብለው። «እኔም አላየሁም። ሳጥኑ ውስጥ ያለው አጥንት የማንም ሊሆን ይችላል። እንግዲህ እኔ ያየሁትን አምናለሁ።»

«ነገ እሳቱን ማንደድ አለብን።»

«በዚህ ቤት እሳት አይነድም!»

ለእሳቱ የገዛሁትን የደረቀ እንጨት ምድጃ ውስጥ ከተውት ኖሯል። ሩዙ የበሰለው በሱ ነው። እኔ እንዲህ ያለ ነገር ብዙም የማምን ሰው አይደለሁም፤ የመንፈስ ነገር ለእኔ ሥራ ነው። ግን ያን ምሽት ስጋደም ኪኑኤ ወደ ሰፈራችን በሚያስገባው ድልድይ ራስ ቆማ ታየችኝ። የሰው ደጃፍ ሁሉ በርቷል፣ የኛ ጨልሟል፤ አንድ በአንድ እየተመለከተች «የቱ ነበር ቤታችን?» ትላለች። ከዚህ በላይ የሚያስፈራ ፊልም ተርኬ አላውቅም። እኔ ተነሥቼ እንዳላነደው ደግሞ እሳቱን የሚያነደው የቤቱ ታላቅ ነው፤ እኔ በጋብቻ የገባሁ ነኝ። እናቷ ያልጠራቻትን ልጅ እኔ ብጠራ ምን ዋጋ አለው?

በማግሥቱ ጠዋት ጎንሮኩን ማሽን ክፍሉ ውስጥ አገኘሁትና አንገቱን ያዝኩት።

«አንተ ሰካራም! ምን አድርገህ ገደልከኝ?»

«አልጠጣሁም! እናቴን፣ አልጠጣሁም!» አለ። «ትናንት የመጨረሻው ጥቅል ተበጥሶብኝ ስቀጥለውና ስጠቀልለው ተገለበጠብኝ። እኔ ሳላይ ሰካሁት።»

ነገሩን ስነግረው ፊቱ አመድ መሰለ። ሮጦ ሄዶ አማቴ እግር ላይ ሊወድቅ ሞከረ፤ በሩን ጥርቅም አደረጉበት። «ሁለታችሁም ያው ናችሁ፣ አንዱ ያሳያል አንዱ ይዋሻል» አሉት አሉ። ሲመለስ ሲያለቅስ ነበር፣ ያ ሁሉ ቁመት።

ያዳነን የኦካትሱ ክፉ አፍ ነው። ኦካትሱ ከአማቴ ጋር አብራ ያደገች ናት፤ ሄዳ ደጃፍ ላይ ቆማ ጮኸችባቸው። እኔ ከአጥሩ ኋላ ሆኜ ሰማኋት።

«ሴኪ! ልጅሽ በሕይወት ካለች እንኳን ደስ ያለሽ! ዛሬ ከሰዓትም ትታያለች። ነይና ደግመሽ እያት።»

«አንዴ አይቻታለሁ፤ ይበቃኛል።»

«ልጅዋን አንዴ አይታ የሚበቃት እናት አለ እንዴ? ወይስ ፈርተሽ ነው?»

«ምኑን ነው የምፈራው?»

«እኔ ምን አውቄ። ያልፈራ ይመጣል።»

አማቴ መጡ። ያውም በሚያምረው ልብሳቸው፣ ፀጉራቸውን አበጥረው፣ ልጅ ከሩቅ አገር ስትመጣ ወደብ ወርዶ እንደሚቀበል ሰው። ከምሰሶው አጠገብ ተቀመጡ። እንደዚያ ለብሰው የመጡት እኔ ልገድልባቸው ነው። አዎ፣ ያን ቀን የኔ ሥራ ያ ነበር፤ ልጃቸውን በፊታቸው መግደል።

አዳራሹ ጢም ብሏል። ማታ ሁሉም እሳቱን ለማንደድ ቤቱ ስለሚገባ የቀኑ ትርኢት ነው የሚሞላው። ማራገቢያው ሁሉ ይወዛወዛል፤ ከውጭ የበጋው ፌንጣ ይጮኻል፤ እንደ ደንቡ ፖሊሱ ከኋላ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ያንቀላፋል። የመጀመሪያውን ጥቅል ተረክሁ፣ ሁለተኛውን ተረክሁ። ሳሙራዩ ሰይፉን በግራው ታጥቆ መጣ። ጎንሮኩ አስተካክሎታል።

ከዚያ ረግረጉ መጣ። ውሃው ተንቀሳቀሰ፣ ኪኑኤ ተነሣች። ከዚያ ከተገለበጠው ትርኢት በቀር እኔ ስተርክ የማየው ፊቷን ብቻ ነበር። ያን ቀን ግን ደረቷን አየሁ። ቀኙ ከላይ፣ ግራው ከታች። ተገንዛለች። ሚስቴ ተገንዛ ወደ እኔ ትመጣለች።

አማቴን አየኋቸው። የሸራው ብርሃን ፊታቸው ላይ ወድቋል። እጃቸው የራሳቸውን ደረት፣ የራሳቸውን ልብስ ጫፍ ጨምድዶ ይዟል።

«ተበድያለሁ» ማለት ነበረብኝ። ለእናቷ እንዴት «አልተኛም» ትላለች? አልቻልኩም። የመድረኩን ድምፅ ጣልኩትና የኪኑኤን ድምፅ አወጣሁ፤ የተዋናይቷን ሳይሆን የቤቷን፣ የኛን የወደቡን አነጋገር፣ ጓዳ ሆና እናቷን የምትጠራበትን።

«እማ» አልኩ። «እማ፣ እኔ ነኝ።»

የሚወዛወዘው ማራገቢያ ሁሉ ቆመ።

«ድልድዩ ላይ ነኝ፣ እማ። የሰው ቤት ሁሉ በርቷል፤ የኛ የቱ እንደሆነ ጠፋኝ። መንገዱን ለምጄው አላውቅም። እማ፣ አትቆጪ። እኔ እኮ... እኔ እኮ...»

አንዲት ቃል ቀረችኝ። አንዲት! በሕይወቴ ስንት ሰው ገድዬ በስንት ድምፅ «ሞትኩ» ብያለሁ። በኪኑኤ ድምፅ ግን አልወጣ አለችኝ። ያኔ ነው ያወቅኩት፤ ከየካቲት ጀምሮ ያንን ቃል አንድ ቀን እንኳ ከአፌ አውጥቼው አላውቅም። «ሄደች» እላለሁ። «ኪዮቶ ቀረች» እላለሁ። ፋኖሱን ያወረዱት አማቴ ናቸው እንጂ እኔስ መች ሰቅዬው አውቃለሁ?

ኦካትሱ አውታሯን ለቀቀች። የማሽኑ እጀታ ብቻ ይሰማል፣ ቅርር፣ ቅርር፣ ቅርር። እሱም እየዘገየ መጣ። ጎንሮኩ ነው፤ ፊልሙ እንዳያልቅ ቀስ አድርጎ ያዞራል። ኪኑኤ በረግረጉ ላይ ቀስ ብላ፣ ቀስ ብላ፣ መድረስ እንደማትፈልግ ሰው መጣች።

ከሴቶቹ በኩል አንድ ድምፅ ወጣ።

«ሞተሻል» አሉ አማቴ። «ሞተሻል፣ ልጄ። አየሁ። ቀኙ ከላይ ነው።»

በተቀመጡበት ወደ ሸራው ጎንበስ አሉ።

«እሳቱን አነድልሻለሁ፤ ለምን አላነድ፣ አፈር ልሁንልሽ። ግን አንዲት ነገር ንገሪኝ።» ተነሥተው ቆሙ። ያቺ አጭር ሴት። «ማን ገነዛሽ? እኔ አልነበርኩ። ባልሽ አልደረሰ። ማን ነው እጁን ያሳረፈብሽ?»

ሰው ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። መልሱን ከመንፈሷ ይጠብቃሉ፤ የመንፈሷ አፍ ደግሞ እኔ ነኝ። እኔ ግን በኪኑኤ ድምፅ አልመለስኩም። በራሴ መለስኩ።

«እኔ ነኝ፣ እናቴ» አልኩ።

«አንተ አልደረስክም።»

«ሲቀረጽ ነበርኩ። በመኸሩ፣ ልጠይቃት ኪዮቶ የሄድኩ ጊዜ። ያንን ልብስ፣ አሁን የሚያዩትን። አልባሿ ልጅ በሕይወት ያለን ሰው ቀኙን ከላይ አድርጌ አላለብስም፣ ሟርት ነው ብላ አለቀሰች። ማንም እሺ የሚል ጠፋ። ኪኑኤ ጠራችኝ። ‹ና፣ አንተ አልብሰኝ፤ የቤት ሰው አይደለህ› አለችኝ። በእነዚህ እጆቼ ግራውን አስቀደምኩ፣ ቀኙን ደረብኩ፣ መቀነቷን አሰርኩ። ከዚያ በፊት ደግሞ ፊቷን በእርጥብ ጨርቅ ጠርጌላት ነበር፤ ዱቄቱ እንዲይዝ።»

«ምን አለች?»

«ሳቀች። ‹እማ ብታየኝ በጥፊ ታጮለኝ ነበር› አለች።»

ያንን ነገር ለማንም አልነገርኩም ነበር። ሳስበው ሁልጊዜ ያንን ሳቅ እሰማለሁ። አማቴ ሸራውን አዩ። ከዚያ ወደ ምንጣፉ ቁጭ አሉና አለቀሱ። ከየካቲት የተጠራቀመ ልቅሶ ነው፤ ድምፅ ያለው፣ ሌላውን ሁሉ የሚቀሰቅስ። ዓሣ ነጋዴው አለቀሰ፣ ኦካትሱ አለቀሰች፣ ፖሊሱ ባርኔጣውን አወረደ። እኔማ አይነሣ። ሸራው ነጭ ሆኖ እስኪቀር ድረስ ማንም «ቀጥል» አላለኝም።

ወደ ቤት አብረን ሄድን። ጎንሮኩ ከየት እንዳመጣው እንጃ፣ የደረቀ እንጨት እቅፍ ሙሉ ይዞ ከኋላችን ተከተለና ደጃፋችን ላይ አስቀምጦ ተመለሰ። ፀሐይ ወደ ባሕሩ እየገባች ነበር። አማቴ ፋኖሱን አወጡና ለእኔ ሰጡኝ። እኔ ሰቀልኩት። እሳቸው ተንበርክከው እሳቱን ለኮሱ፤ ትንሽዬ እሳት ናት፣ ግን ከድልድዩ ትታያለች።

«ደህና አድርገህ አስረህላት ነበር?» አሉኝ ዓይናቸውን ከእሳቱ ሳያነሡ።

«ደህና አድርጌ።»

«አጥብቀህ?»

«እንዲያውም ‹ላላ አድርገው፣ ልሙትበት ነው እንዴ› አለችኝ።»

ሳቁ። እያለቀሱ ሳቁ። «እሰይ» አሉ። «እሰይ። እንግዲያው የቤት እጅ ነክቷታል። ልጄ ሰው ሳይነካት አልሄደችም።»

እሳቱ እስኪወርድ ዝም ብለን ተቀመጥን። ዝምታው ግን እንደ ወትሮው አልነበረም፤ በመካከላችን ለአንድ ሰው የሚሆን ቦታ ትተን ነበር የተቀመጥነው። አማቴ ተነሡና አዩኝ። እኔ ስንደፋደፍ ውዬ ልብሴ ደረቴ ላይ ተከፍቶ ቀርቷል። ጎንበስ ብለው ሁለቱን ጠርዝ ያዙና የቀኙን ከታች፣ የግራውን ከላይ አድርገው ጠበቅ አደረጉልኝ፤ እንደ ልጅ።

«አንተ ገና አልሞትክም» አሉኝ። «ግባ፣ እራት ቀርቧል።»

«ርቦኛል» አልኳቸው።